መዳቡ ከየት መጣ?

ኢሳይያስ አኖዚዬ የፈለገው የውኃ ጉድጓድ ብቻ ነበር። ጊዜው በአውሮፓውያን አቆጣጠር 1938 ነው። በደቡብ ምሥራቅ ናይጄሪያ፣ ከኦኒቻ ከተማ ወዲያ ባለችው ኢግቦ-ኡኩ፣ ዝናቡ በወቅቱ ይወርዳል፤ በጋው ሲገባ ግን ውኃ ይጠፋል። ስለዚህ የአገሬው ሰው ዝናቡን ለበጋ የሚያቆይበት ጉድጓድ በግቢው ይምስ ነበር። ኢሳይያስም በግቢው ውስጥ ቦታ መርጦ መቆፈር ጀመረ። ገና ብዙ ሳይወርድ መቆፈሪያው ከአፈር ሌላ ነገር ነካ።

ከጉድጓዱ የወጣው ዕቃ ዓይነቱ ብዙ ነበር። ጎድጓዳ ሳህን፣ ማሰሮ፣ የተንቆጠቆጠ ጌጥ፣ ሁሉም ዘመን ያለበሰው አረንጓዴ ዝገት ይዞ ተራ በተራ ብቅ አለ። ኢሳይያስ ምን እንዳገኘ አላወቀም። ከፊሉን ለወዳጆቹ አደለ። ጎረቤቶቹም ለመድኃኒት ይሆነናል እያሉ የየድርሻቸውን ወሰዱ። ከጎድጓዶቹ በአንዳንዶቹ ደግሞ ፍየሎቹን ውኃ አጠጣባቸው። በኋላ የታላላቅ ቤተ መዘክሮች ኩራት የሆነው ነሐስ ለጊዜው የፍየል ገንዳ ሆኖ ከረመ።

ወራት አልፈው ወሬው ጄ. ኦ. ፊልድ ከተባለ የእንግሊዝ ቅኝ አስተዳደር ሹም ጆሮ ደረሰ። ፊልድ ያገኘውን ያህል ዕቃ ከባለቤቶቹ ገዝቶ ሰበሰበ፤ ስለ ግኝቱም በአንድ የአንትሮፖሎጂ መጽሔት ጻፈ። በ1946 ስብስቡ ለናይጄሪያ ቤተ መዘክር ተሰጠ። ሊቃውንቱ ዕቃዎቹን ባዩ ጊዜ ግራ ተጋቡ። በዚያን ዘመን የናይጄሪያ ጥንታዊ ጥበብ ሲነሣ የሚጠሩት የኢፌና የቤኒን ከተሞች ነበሩ፤ ይህ ነሐስ ግን ኢፌንም ቤኒንንም አይመስልም። ማን ሠራው? መቼ? ለማን? ጥያቄዎቹ መልስ ሳያገኙ 20 ዓመት ገደማ ተቆጠረ።

በ1959 የናይጄሪያ የቅርስ መሥሪያ ቤት ተርስታን ሻው የተባለ እንግሊዛዊ አርኪዮሎጂስት ጋበዘ። ሻው ለምዕራብ አፍሪካ እንግዳ አልነበረም፤ በጎልድ ኮስት፣ በዛሬዋ ጋና፣ በአቺሞታ ኮሌጅ ዓመታት አሳልፏል። የተጠራበት ሥራ ግን የሚያስጎመጅ አልነበረም። ለአርኪዮሎጂስት ከዕቃው ይልቅ የተቀመጠበት ቦታ ይናገራል፤ በምን ላይ እንዳረፈ፣ ከምን አጠገብ እንደተገኘ፣ በየትኛው የአፈር ንብብር ሥር እንደነበረ። በኢሳይያስ ግቢ ይህ ሁሉ ምስክርነት በመቆፈሪያ ተቀላቅሏል። ለሻው የቀረው ተስፋ አንድ ብቻ ነበር፤ ጉድጓዱ ያልደረሰበት፣ ሰው ያልነካው አፈር ከዳርና ከዳር ተርፎ ከሆነ።

ተርፎ ነበር። አፈሩ በቀጭን በቀጭኑ ሲነሣ ዕቃዎቹ ባለቤቶቻቸው ባኖሩበት ሁኔታ ተገለጡ። ተሸሽጎ የተቀበረ ወይም በችኮላ የተጣለ ሀብት አይመስሉም። ለሥርዓት የሚወጡ ንዋያት በአንድ ቤት ውስጥ ተደርድረው፣ ቤቱ ፈርሶ አፈር የዋጣቸው ይመስሉ ነበር። ከመካከላቸው በገመድ መረብ የተጠመደ አንድ ማሰሮ ነበር። መረቡ ቋጠሮው ሁሉ ሳይቀር የእውነተኛ ገመድ መልክ አለው፤ ግን እርሱም ነሐስ ነው። በላዩ ነብር የቆመበት፣ በቀንድ አውጣ ቅርፊት አምሳል የተሠራ ዕቃም ነበር። ጠጋ ብሎ ያየ ሰው በነሐሱ ላይ የተቀረጹ ጥቃቅን ነፍሳትን ይቆጥራል።

ይህ የሚሠራው በሰም ነው። አንጥረኛው መልኩን በሰም፣ ወይም እንደ ሰም በሚቀልጥ ነገር ይቀርጻል፤ በሸክላ ጭቃ ይለብጠዋል፤ ሲያግለው ሰሙ ቀልጦ ይወጣና ባዶው ቦታ ለቀለጠው ነሐስ ይለቀቃል። ዘዴው በብዙ አገር ይታወቃል። የኢግቦ-ኡኩ አንጥረኞች ግን ከባዱን ዕቃ በክፍል በክፍል እያፈሰሱ፣ በኋላ በሌላ የቀለጠ ነሐስ ያያይዙት ነበር። ሻው እነዚህን እጆች በአድናቆት እያየ ሳለ፣ በኢሳይያስ ቤተሰብ አባል በሪቻርድ ግቢ የተከፈተው ሁለተኛው ቁፋሮ ወደ ታች እየጠለቀ ሄደ።

በዚህኛው ጉድጓድ በመጀመሪያ የሰው አጽም ታየ። አንድ ሰው ብቻ አልነበረም፤ ቢያንስ የአምስት ሰዎች ቅሪት ነው። ቆፋሪዎቹ ቀጠሉ። ከ3 ሜትር የበለጠ ከወረዱ በኋላ በእንጨት የተለበጠ ክፍል አገኙ። በውስጡ የሞተው ሰው ተጋድሞ አልተቀበረም፤ በርጩማ ላይ ተቀምጦ ነበር። ዘውዱ መዳብ ነው። በደረቱ ላይ የመዳብ ጌጥ አለ፤ በእጆቹ ዙሪያ ዶቃ፣ በአጠገቡ የዝሆን ጥርስ፣ በበትር ጫፍ የተሰካ የነሐስ የነብር ራስ ቅል። በዚያ መቃብር ብቻ ከ100,000 በላይ ዶቃና ጨሌ ተለቀመ፤ የሁሉም ቦታ ሲደመር ከ165,000 አለፈ። ከላይ የተገኙት አምስቱ ሰዎች ጌታቸውን ተከትለው የተቀበሩ አገልጋዮች ሳይሆኑ አልቀሩም።

እንቆቅልሹ የጠበቀው እዚህ ላይ ነው። በዚያ ስለሚኖረው የኢግቦ ሕዝብ የተጻፈው አብዛኛው ንጉሥ የሌለው፣ በየመንደሩ በሽማግሌዎችና በማዕረግ ባለቤቶች ሸንጎ የሚተዳደር ሕዝብ ይለዋል። ቤተ መንግሥት የለውም፣ ቋሚ ጦር የለውም፣ የታላቅ ከተማ ፍርስራሽ አይታይበትም። ታዲያ ይህ በዘውድ የተቀበረ ሰው ማነው? ያን ሁሉ መዳብ ማን አመጣለት? ከሁሉ በፊት ግን ዘመኑ መታወቅ ነበረበት።

ሻው ከመቃብሩ በርጩማ የተረፈውን እንጨት ያዘ። በ1964 ተመልሶ በዮናስ አኖዚዬ ግቢ ሦስተኛውን ቦታ ሲቆፍር፣ ነሐስና ሸክላ ከተጣለበት ጥንታዊ ጉድጓድ ደግሞ ከሰል ለቀመ። ናሙናዎቹ በራዲዮካርቦን ዘመናቸው እንዲለካ ተላኩ። በሕይወት የነበረ ነገር ሁሉ ከሞተ በኋላ በውስጡ ያለው አንድ ዓይነት ካርቦን በታወቀ ፍጥነት ይቀንሳል፤ የቀረው ሲለካ ዕድሜው ይሰላል። ከአምስቱ ናሙናዎች የአራቱ ውጤት ወደ 9ኛው መቶ ዓመት አመለከተ። አንዱ ብቻ አፈንግጦ 15ኛው መቶ ዓመት ላይ አረፈ።

የሻው ባለ ሁለት ቅጽ መጽሐፍ የታተመው በ1970 ነው፤ የኢግቦን ምድር ያወደመው የቢያፍራ ጦርነት ባበቃበት ዓመት። የመድፉ ጦርነት ሲያልቅ የሊቃውንቱ ተጀመረ። ብዙዎች 9ኛውን መቶ ዓመት ለመቀበል ከበዳቸው። ፖርቱጋሎች መዳብና ናስ ጭነው ወደዚያ ባሕር ዳርቻ የደረሱት በ15ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ገደማ ነው። ከዚያ በ600 ዓመት ቀድሞ፣ ከደኑ መሐል፣ ይህን ያህል መዳብ ከየት ይገኛል? ናይጄሪያዊው የሥነ ጥበብ ታሪክ ምሁር ባባቱንዴ ላዋል በ1973 ጥርጣሬውን በጽሑፍ አቀረበ። ለእርሱ ያ ያፈነገጠው አምስተኛ ውጤት ከአራቱ ይልቅ ለእውነት የቀረበ ነበር። ሻው በ1975 መልስ ሰጠ፤ የተስማሙትን አራቱን ጥሎ ብቻውን የቆመውን አንዱን ለመያዝ ምክንያት አላየም። ክርክሩ ግን በዘመን ስሌት ብቻ የሚዘጋ አልነበረም። መዳቡ ከየት እንደመጣ ያላሳየ ሰው ተከራካሪዎቹን ማሳመን አይችልም።

ፍለጋው መጀመሪያ ወደ ሰሜን ሄደ። በሰሃራ ዳርቻ፣ በዛሬዋ ኒጄር ግዛት፣ ታኬዳ የምትባል የመዳብ ከተማ ነበረች፤ ኢብን ባቱታ በ14ኛው መቶ ዓመት አልፎባት ማዕድኗን ጽፏል። የግመል ቅፍለት ከዚያ ጭኖ ወደ ደቡብ ቢወርድ አይገርምም። ነገር ግን ኢብን ባቱታ ያየው ከኢግቦ-ኡኩ መቃብር 500 ዓመት ዘግይቶ ነው። ሌሎች ከበረሃው ማዶ፣ ከሰሜን አፍሪካ የመጣ ይሆናል አሉ። በዚህም በዚያም የተጎተተው መላምት አንድ የጋራ ነገር ነበረው፤ ሁሉም መዳቡን ከውጭ የመጣ አድርገው ወሰዱት። ፍንጩን የሰጠው በመጨረሻ ያው ብረቱ ራሱ ነው።

በላቦራቶሪ ሲመረመር የኢግቦ-ኡኩ ነሐስ ዚንክ አልተገኘበትም። ከሰሜን አፍሪካም ሆነ ኋላ ከአውሮፓ በገፍ ይመጣ የነበረው የንግድ ብረት ግን ናስ ነው፤ ናስ ደግሞ መዳብና ዚንክ ነው። በሌላ በኩል በኢግቦ-ኡኩ ብረት ውስጥ ያለው የብር መጠን ከፍ ያለ ሆኖ ተገኘ። የአሠራሩም ነገር ያጠራጥር ጀመር። እነዚያ ነፍሳትን በሰም የሚቀርጹ እጆች ሽቦ ስቦ ማውጣትን፣ በቀላሉ በሚቀልጥ ብረት መበየድንና በሚስማር መምታትን የሚያውቁ አይመስሉም፤ እነዚህ በሌላው ዓለም አንጥረኛ ቤት የጀማሪ ሥራ ናቸው። ከውጭ መምህር የተማረ ሰው ከባዱን ይዞ ቀላሉን እንዴት ይስታል?

ናይጄሪያዊው አርኪዮሎጂስት ቪ. ኢ. ቺክዌንዱ ጥያቄውን ገለበጠው። በረሃ ከመሻገር በፊት ጓሮውን ማየት መረጠ። ከኢግቦ-ኡኩ በስተ ምሥራቅ፣ 100 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ፣ በአባካሊኪ አካባቢ የመዳብና የእርሳስ ማዕድን አለ፤ ጥንታዊ የማዕድን ጉድጓዶችም ታዩ። አሁን የቀረው ማስረጃ ነው። እርሳስ የተቆፈረበትን ምድር ምልክት በአይሶቶፖቹ ተሸክሞ ይዞራል፤ ቀልጦ ከሌላ ጋር ቢዋሃድም ምልክቱ አይጠፋም። ቺክዌንዱ ከፖል ክራዶክ፣ ከራሱ ከሻውና ከሌሎች ባልደረቦች ጋር የማዕድኑንና የነሐሱን ምልክት ጎን ለጎን አስቀመጠ።

ገጠመ።

ውጤቱ በ1989 ታተመ። ለ50 ዓመት በበረሃ መንገድና በመርከብ ጭነት ውስጥ የታደነው ብረት ምንጩ እዚያው ናይጄሪያ ሆነ። በእጅ የያዙት ወርቅ እንደ መዳብ ይቆጠራል ይላል የእኛ አገር ሰው፤ ኢግቦ-ኡኩ ላይ ግን መዳቡ ራሱ አልተቆጠረም ነበር። ይህ ማለት አካባቢው በሩን ዘግቶ ይኖር ነበር ማለት አይደለም። ከጨሌዎቹ መካከል መስተዋታቸው ከግብፅና ከመካከለኛው ምሥራቅ የመጣ አሉ። የደኑ ሰዎች ንግድ እስከ አባይ ዳር በተዘረጋ ሰንሰለት ተያይዞ ነበር፤ የሚከፍሉትም ምናልባት በዝሆን ጥርስ ይሆናል። ከሩቅ የገዙት ግን ጌጡን ነው፤ ጥበቡ የራሳቸው ነበር።

ዘውድ ጭኖ የተቀመጠው ሰውስ? ኢግቦ-ኡኩ ንሪ ከምትባለው የኢግቦ ከተማ ብዙም አትርቅም። ንሪ ኤዜ ንሪ የሚባለው ባለሥልጣን መንበር ናት። ኤዜ ንሪ ጦር አያዘምትም፣ በጉልበት ግብር አያስገብርም ነበር፤ ሥልጣኑ ከመሬትና ከመንፈስ ነበር። የረከሰውን ምድር ያነጻ፣ የተጣላን ያስታርቅ፣ ማዕረግ ይሰጥ ነበር፤ መልእክተኞቹ ያለ ጦር መሣሪያ ከመንደር መንደር ይዘዋወሩ ነበር። በኢሳይያስ ግቢ ከተገኙት ነሐሶች በአንዱ ላይ የተቀረጹት ወንድና ሴት ፊታቸው ኢቺ በሚባለው ጠባሳ ተተልትሏል፤ ይህ እስከ 20ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ ድረስ በንሪ ባለማዕረጎች ግንባር ላይ የታየ ምልክት ነው። አንትሮፖሎጂስቱ ማይክል ኦንዉዬጄኦጉ ይህን አያይዞ፣ የመቃብሩ ሰው ከንሪ ሥርዓት ባለሥልጣናት አንዱ ነው ብሎ ተከራከረ። ብዙዎች ተቀብለውታል። ለዘመናት ንጉሥ የለውም የተባለው ሕዝብ ሀብትን ያለ ሠራዊት የሚሰበስብ የሥልጣን ዓይነት ነበረው።

ትክክለኛው ዓመት ዛሬም ያከራክራል። በ2019 እና በ2021 አዳዲስ ተመራማሪዎች ወደ ኢግቦ-ኡኩ ተመልሰው ሻው ከቆፈራቸው ግቢዎች ውጭ ያለውን መሬት መረመሩ። ሌላም ክፍት ጥያቄ አለ፤ ከሦስቱ የሻው ቁፋሮዎች አንዳቸውም ነሐሱ የቀለጠበትን ምድጃ አልሰጡም። ገመዱን በሰም የጠመዱት፣ ነፍሳቱን አንድ በአንድ ያስቀመጡት አንጥረኞች የሠሩበት ቦታ ገና ይፈለጋል፤ የሚፈለገው ግን አሁን በዚያው በኢግቦ ምድር ነው።