በነቀምቴና በአካባቢዋ ከተሞች የተማሪዎችን ውጤት የሚወስኑ ነገሮች

የተማሪ ውጤት ዝቅ ሲል አብዛኛዎቻችን ቀድመን የምንከሰው ተማሪውን ነው። አላጠናም፣ ስልክ ላይ ተጥዶ ዋለ፣ ኳስ ሲያይ አመሸ እንላለን። ይሄ አንዳንድ ጊዜ እውነት ነው። ነገር ግን የ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ፈተና በየዩኒቨርሲቲው ግቢ ሲሰጥ፣ ከተፈተኑት ወደ 900 ሺህ ከሚጠጉ ተማሪዎች ውስጥ 50 ከመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 ከመቶ ብቻ ነበሩ። በ2015 ዓ.ም. ደግሞ 3.2 ከመቶ ሲሆን፣ በዚያ ዓመት 1,328 ትምህርት ቤቶች አንድም ተማሪ አላሳለፉም። በ2016 ወደ 5.4፣ በ2017 ወደ 8.4 ከመቶ ከፍ ብሏል። እንዲያም ሆኖ ከመቶ ተማሪ ዘጠና ምናምኑ ሰነፍ ነው ብሎ ማለፍ አይቻልም። በመሆኑም ምክንያቱን ከተማሪው ጀርባ ሄደን መፈለግ ይኖርብናል፤ በተለይ እኛ ነገ ጠመኔ ይዘን የምንቆመው።

በዚህ ጉዳይ በኮርሶቻችን ደጋግሞ የሚነሣው እ.ኤ.አ. በ1966 በአሜሪካ የወጣው የጀምስ ኮልማን ጥናት ነው። የተማሪን ውጤት ከትምህርት ቤቱ ዕቃና ገንዘብ ይልቅ የቤተሰቡ ሁኔታ የበለጠ እንደሚወስነው የሚያሳይ ነበር። ብዙ ጊዜ እዚህ ላይ እናቆማለን። ሆኖም እ.ኤ.አ. በ1983 ሄኔማንና ሎክስሊ የ29 አገሮችን መረጃ አይተው፣ በድሃ አገሮች ነገሩ የተለየ መሆኑን አሳዩ። አገሩ ድሃ በሆነ መጠን የትምህርት ቤቱና የመምህሩ ጥራት የሚያመጣው ልዩነት እየጨመረ ይሄዳል። ለእኛ ይሄኛው ይበልጥ ይጠቅመናል ባይ ነኝ። የገበሬ ልጅ ነህና ውጤትህ ያው ነው ከማለት ያድነናልና።

ቢሆንም ቤት ምንም ለውጥ አያመጣም ማለት አይደለም። በወለጋ ደግሞ "ቤት" ሲባል የትኛው ቤት ነው ብሎ መጠየቅ ያስፈልጋል። ብዙ የገጠር ቀበሌዎች 8ኛ ክፍልን እንጂ ከዚያ በላይ ያለውን አያስተምሩም። ስለዚህ ከዲጋ፣ ከዋዩ ቱቃ፣ ከጉቶ ጊዳ ገጠሮች የሚመጣ ልጅ በ15 እና በ16 ዓመቱ ነቀምቴ ውስጥ ቤት ተከራይቶ ይኖራል። ጊምቢም፣ ደምቢ ዶሎም፣ ሻምቡም እንደዚሁ ነው። አንድ ክፍል ለሦስት ወይም ለአራት ይከራያሉ። ስንቃቸውን ከቤት ያመጣሉ፦ የበቆሎ ዱቄት፣ ሽሮ፣ በርበሬ፣ በሶ። ዓርብ ከሰዓት ወደ ገጠር ይሄዳሉ፣ እሁድ ማታ ወይም ሰኞ ጠዋት ስንቅ ተሸክመው ይመለሳሉ። ትራንስፖርት ከሌለ በእግር ነው።

እስቲ የዚህን ተማሪ ሳምንት እናስላው። ቅዳሜና እሁድ እርሻ ላይ ወይም መንገድ ላይ አለቀ። በሥራ ቀናት ከትምህርት ቤት ሲመለስ ከሰል አያይዞ፣ ውኃ ቀድቶ፣ አብስሎ፣ ዕቃ አጥቦ ነው የሚቀመጠው። ያን ጊዜ መብራት ይጠፋል፤ ካልጠፋም አከራይዋ "ቆጣሪው ቆጠረ፣ አጥፉ" ይላሉ። ስንቁ ሐሙስ አካባቢ ሲያልቅ ምሳ ይቀራል። ሴቶች ላይ ደግሞ ሌላም አለ። ወንድምና እህት አብረው ከተከራዩ ምግቡን የምትሠራው ማን እንደሆነች ሁላችንም እናውቃለን። አከራይና ጎረምሳ የሚያስቸግራት ልጅም አቤት የምትልበት ዘመድ አጠገቧ የለም። ታዲያ ከዚህች ልጅና ከእናት አባቱ ቤት ወጥቶ ከሚማረው የከተማ ልጅ ጋር ያለው ልዩነት የጭንቅላት ልዩነት አይደለም፣ የሰዓት ልዩነት ነው።

ሁለተኛውና በእኔ አስተያየት ከሁሉም የከበደው የቋንቋው ጉዳይ ነው። ለወለጋ በአፋን ኦሮሞ ማንበብ አዲስ ነገር አይደለም። ኦነሲሞስ ነሲብና አስቴር ጋኖ የማንበቢያ መጽሐፍ ያዘጋጁት በ1880ዎቹ ዓ.ም. ነበር፤ ኦነሲሞስም በ1896 ዓ.ም. ነቀምቴ ገብቶ አስተምሯል። የ1986 ዓ.ም. የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ ከወጣ በኋላ በኦሮሚያ እስከ 8ኛ ክፍል ትምህርቱ በአፋን ኦሮሞ፣ ከ9ኛ ጀምሮ በእንግሊዝኛ ሆነ። በአፍ መፍቻ ቋንቋ መማሩ ችግር ነው የሚሉ አሉ፤ አልስማማም። ልጅ የገባውን ነው የሚያስታውሰው። ችግሩ ድልድዩ ላይ ነው። 8ኛ ክፍል ሳይንስ ላይ "ሁምና" እና "አኒሳ" ብሎ ለይቶ ያወቀ ልጅ፣ ክረምቱ አልቆ መስከረም ሲብት "ፎርስ" እና "ኢነርጂ" ይባላል። ሐሳቡን ያውቀዋል፣ ግን ማወቁን አያውቅም። መምህሩ "ይሄ እኮ አምና ሁምና ያልነው ነው" ቢለው በአንድ ደቂቃ የሚያልቅ ነገር ነበር። ብዙ ጊዜ አይለውም፤ አንዳንዱ በእንግሊዝኛ ብቻ አስተምሩ ስለተባለ፣ አንዳንዱም ቃሉን ራሱ ስለማያውቀው።

ድልድዩ ደግሞ ከታችም የላላ ነው። እ.ኤ.አ. በ2010 በአገር አቀፍ ደረጃ በተደረገው የንባብ ምዘና፣ ከ2ኛ ክፍል ተማሪዎች 34 ከመቶው በራሳቸው ቋንቋ ከቀረበላቸው ታሪክ አንድም ቃል ማንበብ አልቻሉም። በራሱ ቋንቋ አቀላጥፎ ያላነበበ ልጅ በሌላ ቋንቋ ባዮሎጂ ያነባል ብሎ መጠበቅ ይከብዳል። (እኛም ብንሆን ቤት በኦሮምኛ አውርተን፣ በእንግሊዝኛ ተፈትነን፣ ይህን ቡሌቲን በአማርኛ እናነባለን። ለምደነው እንጂ ቀላል አይደለም።)

ክፍተቱን በቴክኖሎጂ ለመድፈን ተሞክሮ ነበር። በ1997 ዓ.ም. የተጀመረውን ፕላዝማ ታላላቆቻችን ያስታውሱታል። ከሳተላይት በእንግሊዝኛ የሚወርድ ትምህርት ሲሆን፣ የቴሌቪዥኑ መምህር ጥያቄ ጠይቆ ተማሪው ደብተር እስኪገልጥ መልሱን ተናግሮ ያልፋል። መብራት ከጠፋ የዕለቱ ትምህርት ሄደ ማለት ነው፣ ማስቆም መመለስ የለም። የክፍሉ መምህር ደግሞ ማብሪያ ማጥፊያ ጠባቂ ሆኖ ቀረ። ጥቅም አልነበረውም ባይባልም፣ ተማሪው ይሰማ አይሰማ ሳይታወቅ ፍጥነት መጨመር ምን እንደሚያስከትል ከፕላዝማ የተሻለ ምሳሌ አላገኘሁም።

ሦስተኛው የትምህርት መቋረጥ ነው። በወለጋ ዞኖች በጸጥታው ችግር ምክንያት ከ2011 ዓ.ም. ወዲህ በርካታ ትምህርት ቤቶች ተዘግተዋል፣ ተማሪም መምህርም ተፈናቅሏል። በ2012 ዓ.ም. ከጥር ወር ገደማ እስከ መጋቢት 22 ስልክ ተቋርጦ ነበር። ስልኩ ሲመለስ ትምህርት ቤቶች በኮሮና ምክንያት ከተዘጉ ሁለት ሳምንት ሆኗቸዋል። ያኔ 9ኛ ክፍል የነበረ ተማሪ፣ ማለትም እንግሊዝኛውን ገና እየተላመደ የነበረው፣ ሳያቋርጥ ከቀጠለ 12ኛን የተፈተነው በ2015 ዓ.ም. ነው። የዚያን ዓመት 3.2 ከመቶ ስናነብ ይህን አብረን ማንበብ አለብን። ለፈተናው የቀረበው ጥያቄ ግን ሳይቋረጥ ለተማረውም ተቋርጦ ለተማረውም አንድ ዓይነት ነው።

ሌሎችም ምክንያቶች አሉ፣ ሁሉን መዘርዘር አልፈልግም። የቡና ለቀማ ሲደርስ በጊምቢና በቄለም ወለጋ ወረዳዎች መቅረት ይበዛል። የመጽሐፍ እጥረት አለ፤ አዲሱ ሥርዓተ ትምህርት በ2015 ዓ.ም. ሲገባ ብዙ ተማሪ መጽሐፉን በስልክ እንጂ በእጁ አላገኘውም፣ ስልክ የሌለውም በምንም። ዓይኑ አጥርቶ ስለማያይ ከኋላ ተቀምጦ ብላክቦርድ የማይታየው ልጅም ሰነፍ ተብሎ ይቀጣል።

ከእነዚህ አብዛኞቹ ከመምህር አቅም በላይ ናቸው። በመምህር እጅ ያሉም ግን አሉ፣ ለልምምድ ማስተማር ስንወጣ ልንሞክራቸው የምንችል። አንደኛው 9ኛ ክፍል የሚያስተምር ሰው የ7ኛና የ8ኛ ክፍል የአፋን ኦሮሞ መጽሐፍ አጠገቡ እንዲያስቀምጥና በየምዕራፉ መጀመሪያ አሥር አሥራ አምስት ቃላት ጎን ለጎን ሰሌዳ ላይ እንዲጽፍ ነው። ወጪው ጠመኔ ብቻ ነው። ሌላው የሆም ሩም መምህር በመጀመሪያው ሳምንት ከስምና ከዕድሜ በተጨማሪ ማን ጋር እንደሚኖሩ፣ ከየት እንደሚመጡ መመዝገቡ ነው። ዝርዝሩ በእጁ ያለ መምህር፣ ግማሹ ክፍል ከገጠር ስንቅ ተሸክሞ በሚገባበት በሰኞ አንደኛ ፔሬድ ቴስት አይሰጥም። ረቡዕ ያደርገዋል።