ያውቁ ኖሯል? የግድግዳዋ እንሽላሊት ምግብ

ጌኮ በዲላና በሌሎች ሞቃት የደቡብ ኢትዮጵያ ከተሞች ሌሊት ግድግዳ ላይ የምትታይ ትንሽ እንሽላሊት ናት። ዋና ምግቧ የእሳት እራት፣ ትንኝ፣ በረሮ፣ ፌንጣና ሸረሪት ነው። አምፖል አጠገብ ሳትንቀሳቀስ ታደባለች፤ ነፍሳቱ ሲቀርቡ ተወርውራ በመንጋጋዋ ትይዛቸዋለች። ዝናብ ጥሎ አሸን ሲፈላ ግን ማሳደድ አያስፈልጋትም፤ መብራት የሳበው ክንፋም ምስጥ ራሱ ይመጣላታል።

በዲላ ዙሪያ የሚገኘውና እ.ኤ.አ. በ2023 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት የተመዘገበው የጌዴኦ ባህላዊ መልክዓ ምድር ቡናን፣ እንሰትንና ትላልቅ ዛፎችን አጣምሮ ስለሚይዝ ለጌኮ ምግብ የሚሆኑ ነፍሳት አይጠፉበትም። ጌኮ ውሃ የምታገኘው በአብዛኛው ቅጠል ወይም ግድግዳ ላይ ያረፈ ጠብታ በመላስ ነው።

በሌሎች አገሮች ጌኮን በመስታወት ሣጥን የሚያኖሩ ሰዎች ፌንጣና የጥንዚዛ እጭ ይመግቧታል። ነፍሳቱን አስቀድመው ቅጠላ ቅጠል ያበሏቸዋል፤ ከዚያም የካልሲየም ዱቄት ይነሰንሱባቸዋል። ካልሲየም ያጠራት ጌኮ አጥንቷ ይለሰልሳል፤ እግሯም ይጣመማል።

ሁሉም ጌኮ በነፍሳት ብቻ አይኖርም፤ የማዳጋስካሩ አረንጓዴ የቀን ጌኮ የአበባ ወለላና የበሰለ ፍራፍሬም ይልሳል።