ፍሬደሪክ ዋይዝማን፦ ማይክሮፎን የያዘው ዳይሬክተር

ፍሬደሪክ ዋይዝማን የቦስተን ተወላጅ የዘጋቢ ፊልም ሠሪ ነበር። ሕግ ተምሮ ሕግ ያስተማረ ሲሆን ከ40 በላይ ፊልሞች አሉት። አብዛኞቹ ከአንድ ተቋም ግቢ አይወጡም፤ የአእምሮ ሕሙማን ማረሚያ፣ የድጎማ ቢሮ፣ የድሆች መኖሪያ። ተራኪ የለም፣ ቃለ መጠይቅ የለም፣ ከውጭ የገባ ሙዚቃም የለም።

ብዙዎች የሚሳሳቱት እዚህ ላይ ነው። ተራኪ ስለሌለ ካሜራውን አቁሞ ያለፈ ያገደመውን የቀረፀ ይመስላቸዋል። ፊልም የተማሩ ሰዎች ሳይቀሩ ይህን ሲሉ ስሰማ ያንገበግበኛል። ቀድሞ ይሠራበት የነበረው የ16 ሚሊ ሜትር ፊልም አንዱ ጥቅል 11 ደቂቃ ገደማ ቀርፆ ያልቃል፤ ዋጋውም ውድ ነው። ስለዚህ መቼ እንደሚጀመርና መቼ እንደሚቆም በየደቂቃው መወሰን ግድ ነበር። ወሳኙ ዋይዝማን ነበር፤ ካሜራውን የሚይዘው ግን ሌላ ባለሙያ ነበር። የዋይዝማን እጅ ማይክሮፎኑ ላይ ነበር። ጆሮው ወደሳበው ሰው ማይክሮፎኑን ያዞር፣ ካሜራውም ይከተል ነበር።

ከዚያ አርትዖቱ አለ። ራሱ ነበር የሚሠራው፤ ብዙውን ጊዜ ዓመት ገደማ ይፈጅበት ነበር። እ.ኤ.አ. በ1975 የወጣውን «ዌልፌር» ውሰዱ። በኒውዮርክ አንድ የድጎማ ቢሮ ውስጥ ለሳምንታት የተቀረፀ ነው፤ ሲያዩት ግን የአንድ ቀን ውሎ ይመስላል። ለመታወቂያ ፎቶ በሚነሡ ሰዎች ይጀምራል፤ ከዚያ ወረፋ፣ ማመልከቻ፣ የጎደለ ማስረጃ፣ ወደ ሌላ ቢሮ መመራት። ካሜራው አንድ ብቻ ስለሆነ ባለጉዳዩ ሲናገር የምናያት ሠራተኛ ፊቷ ከሌላ ደቂቃ የመጣ ሊሆን ይችላል። ይህ ማታለል አይደለም፤ ረጅሙን ክርክር አሳጥሮ እውነቱን ሳይሰብር ማቆየት ነው። ሠራተኛዋንም ጨካኝ አድርጎ አያሳያትም፤ እሷም ደንቡ ያሰራትና የደከማት ሰው ናት። ፋይሉን ታቅፎ «ነገ ተመለስ» የተባለ ሁሉ ይህን ፊልም ያለ አስተርጓሚ ይረዳዋል።

ከዚህ ተነሥቼ የአገራችንን ዘጋቢ ፊልም ሠሪዎች አንድ ነገር ልለምን። ችግረኛዋ እናት ስትናገር ከሥር ዋሽንት አትልቀቁባት፤ ተራኪውም አያቋርጣት። ዓረፍተ ነገሯን ትጨርስ።

የዋይዝማን የመጀመሪያ ፊልም «ቲቲከት ፎሊስ» (1967) የተቀረፀው በማሳቹሴትስ ብሪጅዋተር፣ ወንጀል ሠርተዋል በተባሉ የአእምሮ ሕሙማን ማረሚያ ነው። ጠባቂዎች እርቃኑን የቆመ ሕመምተኛ ሲያበሽቁ ይታያል። የግዛቱ ፍርድ ቤት የሕሙማኑን ግላዊነት ይጥሳል ብሎ ለሕዝብ እንዳይታይ አገደው፤ እገዳው የተነሣው በ1991 ነው። ክሱን የባለሥልጣናት ገመና መሸፈኛ ብቻ ነው ብዬ አላጣጥለውም፤ ከነዚያ ሰዎች አንዳንዶቹ ፈቃዳቸውን በቅጡ የሚሰጡበት ሁኔታ ላይ አልነበሩም። ግን ፊልሙ በታገደባቸው ዓመታትም የሚጎዱት እነሱው ነበሩ።

የዋይዝማንን ፊልሞች ማየት ለሚጀምር «ዌልፌር» ይሻላል። 2 ሰዓት ከ47 ደቂቃ ነው፤ እየዘለላችሁ አትዩት።