ምስሉ አልዋሸም፣ መቀሱ ግን ተናገረ

መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ምሽት የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አንድ ፊልም አሳየ። በማግስቱ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከዙፋን ወረዱ። ንጉሡን ያወረደው ፊልም ነው እያልኩ አይደለም፤ ደርግ ነገሩን ለወራት ሲያበስለው ነበር። ግን የዚያን ምሽቱ ፊልም ዛሬ ስልካችን ላይ የምናየውን ነገር በደንብ ያስረዳል።

የፊልሙ መነሻ የእንግሊዛዊው ጋዜጠኛ የጆናታን ዲምብልቢ ዘገባ ነው። ጥቅምት 1966 ዓ.ም. በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ታይቶ የወሎን ረሃብ ለዓለም ያጋለጠው እሱ ነው። ደርግ ታዲያ እንዳለ አላሳየውም። በረሃብተኞቹ መሀል የቤተ መንግሥት ግብዣ፣ ሻምፓኝ፣ ንጉሡ ውሾቻቸውን ሥጋ ሲያበሉ የሚያሳዩ ምስሎች ሰካበት።

እዚህ ጋ ቆም እንበል። ረሃቡ እውነት ነው። ግብዣውም እውነት ነው። ግን የተቀረጹት በተለያየ ቦታና አጋጣሚ ነው። ጎን ለጎን ሲቀመጡ "ሕዝቡ ሲያልቅ እሳቸው ውሻ ይቀልባሉ" የሚል ሌላ ዐረፍተ ነገር ይወለዳል። ያንን የተናገረው ኤዲተሩ እንጂ ካሜራው አይደለም።

ኢኮኖሚክስ ስማር የገባኝ አንድ ነገር ቢኖር ቁጥር ብቻውን እንደማይናገር ነው። የዘንድሮን የጤፍ ዋጋ ከአምናው ጋር ካነጻጸርከው አንድ ወሬ ነው፣ ከአምስት ዓመት በፊቱ ጋር ካነጻጸርከው ሌላ። የድሮ ምስልም እንደዛው ነው፤ ትርጉሙን የሚሰጠው ጎረቤቱ ነው።

ታዲያ ደርግ ዋሸ? እኔ እንዲህ በቀላሉ አልልም። ረሃቡ መደበቁ እውነት ነበር፣ ሕዝቡም ማየት ነበረበት። ችግሩ ተመልካቹ የቱ ምስል ከየት እንደመጣ አልተነገረውም።

መቀሱ ደግሞ ለባለቤቱም አይመለስም። መስከረም 1977 ደርግ 10ኛ ዓመቱን በታላቅ ድግስ አከበረ። በወሩ ኬንያዊው ሞሐመድ አሚን ኮረም ላይ የቀረጸው ረሃብ በቢቢሲ ታየ። ሰልፉንና ኮረምን ጎን ለጎን ማስቀመጥ ለማንም ኤዲተር ከባድ አልነበረም።

ያኔ መቀሱ የነበረው በመንግሥት እጅ ነው። አሁን ቲክቶክ ያለው ሁሉ ኤዲተር ነው። የሌላ አገር ጦርነት "ትናንት ማታ" ተብሎ ሲለጠፍ፣ ያ ቪዲዮ ሰው ከሰው ሊያጋጭ ይችላል። ስለዚህ ሼር ከማድረጋችሁ በፊት ሦስት ነገር ጠይቁ፦ መቼ ተቀረጸ? የት? ከዚህ በፊትና በኋላ የነበረው ምስል የታለ?

መልስ ካጣችሁ፣ ጣታችሁን ሰብሰብ አድርጉ።