ተራ የሚመስለውን ወረቀት ስለ መጠበቅ

ሰው ታላቅ ነው ያለውን መጽሐፍ በሣጥን ያኖራል፤ ተራ የመሰለውን ወረቀት ግን ከጥራጊ ጋራ ይጥለዋል። ነገር ግን በኋላ ዘመን አብልጦ የሚፈለገው የትኛው እንደ ኾነ አስቀድሞ የሚያውቅ የለም።

ለዚህ ነገር በአሜሪካ ይታተም የነበረው ፖፑላር ኤሌክትሮኒክስ የተባለው መጽሔት ምስክር ነው። መጽሔቱ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር በ1954 ዓ.ም. የተጀመረ ሲኾን፥ የሚዘጋጀውም በትርፍ ጊዜያቸው ሬድዮና ሌላም መሣሪያ በገዛ እጃቸው ለሚሠሩ ሰዎች ነበር። በዚሁ አቈጣጠር በጥር ወር 1975 ዓ.ም. በወጣው ዕትም ሽፋን ላይ፥ ክፍሎቹ ተገዝተው በቤት የሚገጣጠመውን አልቴር 8800 የተባለውን ኮምፒዩተር አሳየ። ፖል አለን የተባለው ወጣት ይህን ዕትም ገዝቶ ለወዳጁ ለቢል ጌትስ ቢያሳየው፥ ኹለቱ ለዚያ መሣሪያ የሚስማማ ፕሮግራም ጽፈው በዚያው ዓመት ማይክሮሶፍት የተባለውን ኩባንያ አቋቋሙ።

ዳሩ ግን እንዲህ ያለው መጽሔት የሚታተምበት ርካሽ ወረቀት አሲድ ያለበት ስለ ኾነ፥ ዕድሜው ሲገፋ ቢጫ ይኾናል፤ ሲገልጡትም ይሰባበራል። ከዚህም በላይ አንዳንድ ቤተ መጻሕፍት የየወሩን ዕትም በአንድነት ሲጠርዙ የማስታወቂያውን ገጽ እየነቀሉ ይጥሉ ነበር። የመሣሪያው ዋጋና የሻጩ ስም ይገኝ የነበረው ግን በዚያው በተጣለው ገጽ ላይ ነው።

ይህን ጥፋት ያስተዋሉ ሰዎች በየቤታቸው የቀረውን ዕትም ከሽፋን እስከ ሽፋን በስካነር እያነሡ፥ ማንም ያለ ዋጋ እንዲያነበው በኢንተርኔት አኖሩት። ወርልድ ሬድዮ ሂስትሪ የተባለው ማኅደርና በ1996 ዓ.ም. የተመሠረተው ኢንተርኔት አርካይቭ የዚህን ዐይነት መጽሔቶች በብዛት ይዘዋል። በዚህም አሮጌ ሬድዮ የሚጠግን ሰው የመሥመሩን ሥዕል፥ የታሪክ ጸሐፊም ማስረጃውን ያገኛል።

ይኹን እንጂ ይህም ግልባጭ ጠባቂ ያሻዋል። በጥቅምት ወር 2024 ዓ.ም. ኢንተርኔት አርካይቭ በኮምፒዩተር ጠላፊዎች ተጠቅቶ ለብዙ ቀን ተዘግቶ ነበር። በአንድ ዕቃ ቤት ብቻ ያለ ብራና እሳት እንደሚያሰጋው፥ በአንድ ስፍራ ብቻ ያለ ግልባጭም እንደዚሁ ነው፤ መድኅኑም በብዙ ስፍራ መገልበጥ ነው።

ስለዚህ መዝገብ ቤት በአደራ የተሰጠው ሹም ይህ አይረባም ብሎ ከመጣሉ አስቀድሞ ጥቂት ሊያስብ ይገባዋል። የተጣለውን ወረቀት ነገ የሚጠይቅ ትውልድ ይነሣልና፤ በዚያን ጊዜ ጸጸት ምንም አይመልስም።