ቀጣዩ ላይ አይቀርም? የጌም ካርድ ተረትና እውነታ

«ጋሼ፣ ሁለት መቶ ብር ብቻ ጨምርልኝ፤ ቀጣዩ ስፒን ላይ አይቀርም።»

ስልክ የያዘ ታናሽ ወንድም ባለበት ቤት ሁሉ የሚሰማ ልመና ነው። መሐል ሜዳ፣ ሞላሌ ወይም ዓለም ከተማ ያለ ልጅ ትምህርት ቤት ሲዘጋ ወይም ገበያ ሲበተን ኢፉትቦል የተባለውን የእግር ኳስ ጌም ይከፍታል። ጌሙን የሚሠራው የጃፓኑ ኮናሚ ነው። ድሮ ፔስ ይባል የነበረው ጨዋታ በ2021 እ.ኤ.አ. ስሙን ቀይሮ በነፃ መውረድ ጀመረ፤ በቀጣዩ ዓመት ስልክ ላይም መጣ። ነፃ ነው ማለት ግን ኪስ አይነካም ማለት አይደለም። ኩባንያው ገቢውን የሚያገኘው በስፒን፣ ማለትም በዕጣ፣ ከሚወጣው የተጫዋች ካርድ ነው፤ ካርዱን ለማግኘት የሚደረገው ሩጫ ደግሞ ዕውቀት በሌለበት በወሬ ይመራል። በግ ተሸጦ ለደብተር የተቀመጠ ብር በአንድ ማታ ሲያልቅ ዝም ብሎ ማየት ይከብዳል። ስለዚህ ወሬውን አንድ በአንድ እንየው።

«ብዙ ከከፈትኩ ተራዬ ይደርሳል»

በጣም የተስፋፋው እምነት ይህ ነው፤ ብዙ ብር የሚበላውም እሱ ነው። መልሱ በስፒኑ ዓይነት ይወሰናል፤ ሁለት ዓይነት አለና።

የመጀመሪያው ከሳጥን የሚወጣው ነው። አንድ ቁና ውስጥ 147 ነጭ እና 3 ጥቁር ባቄላ አድርገህ ዓይንህን ጨፍነህ አንድ አንድ እያወጣህ ወደ ጎን ብታስቀምጥ፣ ቁናው እየጎደለ ሲሄድ ጥቁሩ የመውጣት ዕድሉ ያድጋል። የኢፉትቦል ሳጥን ብዙ ጊዜ እንዲህ ነው፤ 150 ካርድ ይይዛል፣ ከእነሱ ኤፒክ የሚባሉት 3 ናቸው፣ አንዴ የወጣ ካርድ አይመለስም። እዚህ ላይ «እየቀረብኩ ነው» የሚለው ልጅ እውነት አለው። ግን ምን ያህል ነው የቀረበው? አስር ጊዜ ስፒን ካደረጉ መቶ ልጆች ከሦስቱ ኤፒኮች ቢያንስ አንዱን የሚያገኙት 19 ያህሉ ብቻ ናቸው። ሃምሳ ጊዜ ካደረጉት ደግሞ 71 ያህሉ ያገኛሉ፤ ሃያ ዘጠኙ ከሃምሳ ስፒን በኋላም ባዶ እጃቸውን ናቸው። የሚፈልገው አንድ የተወሰነ ተጫዋች ከሆነማ፣ በአስር ስፒን የማግኘት ዕድሉ ከአስራ አምስት አንድ ነው። ልጁ ሦስቱ ኮከቦች የተሳሉበትን ሥዕል ያያል እንጂ ይህን አያይም።

ሁለተኛው ዓይነት ፓክ ነው። ፓክ ላይ የወጣው ካርድ ከምንም ነገር አይቀነስም፤ እያንዳንዱ መክፈቻ ካለፈው ጋር ዝምድና የለውም። አንድ ምርጥ ካርድ ከሃምሳ ፓክ በአንዱ ይወጣል ከተባለ፣ ሃምሳ ፓክ የከፈተ ሁሉ አንድ ያገኛል ማለት አይደለም። መቶ ሰዎች ሃምሳ ሃምሳ ፓክ ቢከፍቱ 36 ያህሉ አንድም አያገኙም። ሃምሳ አንደኛውን የሚከፍተው ልጅም ዕድሉ መጀመሪያ ፓክ ከከፈተበት ቀን ጋር እኩል ነው፤ ጌሙ ልጁ ስንት ጊዜ እንደከሰረ አይቆጥርለትም። አንዳንድ ጌሞች ከተወሰነ ቁጥር በኋላ በእርግጠኝነት የሚሰጥ ካርድ ያስቀምጣሉ፤ ይህ ካለ ግን በፓኩ ገጽ ላይ በግልጽ ይጻፋል። ካልተጻፈ የለም።

ዕድሉ ከየት ይታወቃል ቢባል፣ እዚያው ጌሙ ውስጥ ነው። ቻይና በ2017 እ.ኤ.አ. ጌም ሠሪዎች የማውጫ ዕድላቸውን በቁጥር እንዲያሳውቁ አስገደደች፤ አፕልም በዚያው ዓመት ታኅሣሥ ላይ መተግበሪያ ገበያው ውስጥ ላሉ ጌሞች ተመሳሳይ ደንብ አወጣ። ቤልጂየም ይበልጥ ገፋችበት፤ በ2018 እ.ኤ.አ. የቁማር ተቆጣጣሪዋ በገንዘብ የሚገዛ የዕድል ፓክ ቁማር ነው አለ፤ በጊዜው የፊፋን ጌም ይሠራ የነበረው ኢኤ ኩባንያም በ2019 እ.ኤ.አ. መጀመሪያ እዚያ አገር ፓክ የሚገዛበትን ነጥብ መሸጡን አቆመ። የአንድ አገር መንግሥት ቁማር ያለውን ነገር የአስራ አራት ዓመት ልጅ ብቻውን በስልኩ ሲያደርገው ማየት ሊያሳስበን ይገባል ብዬ አምናለሁ።

«ሐሙስ ጥገናው እንዳለቀ የከፈተ ያገኛል»

ኢፉትቦል ሐሙስ ሐሙስ ለጥገና ተዘግቶ አዲስ ካርድ ይዞ ይከፈታል። በዚያ ሰዓት ብዙ ሰው ስፒን ስለሚያደርግ ብዙ ሰው ያገኛል፤ ያገኘው ፎቶ አንስቶ ይለጥፋል፣ ያላገኘው ዝም ይላል። ወሬው የመጣው ከዚህ ነው። ሰዓቱ ዕድሉን አይለውጠውም። መጀመሪያ ደካማ ካርድ አውጥቶ «መንገዱን መጥረግ»ም ሆነ ስልኩን አጥፍቶ ማብራት እንዲሁ ምንም አይጨምርም።

«ያለ ብር ካርድ አይገኝም»

ይገኛል፤ የሚያደክመው ሥርዓት የሌለው አጨዋወት ነው። ጌሙ ውስጥ በጨዋታ ብቻ የሚሰበሰብ ጂፒ አለ፤ በእሱ የሚገዙ መደበኛ ተጫዋቾች አሉ፣ ሲያሠለጥኗቸውም ደረጃቸው ያድጋል። ስፒን የሚገዛበት ኮይንም ቢሆን አልፎ አልፎ በመግቢያ ስጦታና በተልዕኮ ይሰጣል። ብልህ ልጅ ጌሙን እንደከፈተ ወደ ግጥሚያ አይሮጥም፤ መጀመሪያ የተልዕኮውን ገጽ ይከፍታል። አንዱ «ሦስት ግጥሚያ ተጫወት»፣ ሌላው «አምስት ጎል አግባ»፣ ሦስተኛው «በዚህ ዝግጅት ተሳተፍ» የሚል ከሆነ፣ ሦስቱንም በአንድ ዝግጅት ውስጥ በተመሳሳይ ግጥሚያዎች ይጨርሳቸዋል። ሳያይ የገባው ግን ያንኑ ሽልማት ለማግኘት የበለጠ ጊዜና ባትሪ ያጠፋል። ተልዕኮው የክብደት ደረጃ ካልጠየቀ ቀላሉ ደረጃ ይበቃል። ሽልማቱ ከተወሰደ በኋላ ያንኑ ዝግጅት መደጋገም ብዙም ፍሬ የለውም።

ለመንዝና ለግሼ ልጅ ደግሞ አንድ ተጨማሪ ምክንያት አለ። ኔትወርክ በሚቆራረጥበት ደጋ ላይ ከሰው ጋር የሚደረግ ግጥሚያ መሀል ላይ ከተቋረጠ ብዙ ጊዜ እንደ ሽንፈት ይቆጠራል። ከኮምፒውተሩ ጋር የሚደረገው ዝግጅት ግን መቆራረጡን ይበልጥ ይችለዋል፤ ሽልማቱም ቀደም ብሎ የታወቀ ነው። ማውረድና ማደስ ብዙ ዳታ ይበላል፤ እሱን ለሌሊት ጥቅል ወይም ዋይፋይ ላለበት ቀን ማቆየት ነው። ግጥሚያው ራሱ የሚፈጀው ዳታ ከማውረዱ ጋር ሲነጻጸር ትንሽ ነው።

ይህ አካሄድ በእግር ኳስ ጌም ብቻ የተወሰነ አይደለም። አሜሪካ የሚያድጉ ልጆቻችን የሚያውቁት ኤምኤልቢ ዘ ሾው የተባለው የቤዝቦል ጌም ዳይመንድ ዳይናስቲ በሚባለው ክፍሉ በካርድ ቡድን ያስገነባል። እዚያም ቶሎ ካርድ የሚሰበስቡት አጫጭር ተልዕኮዎችን እየመረጡ የሚጨርሱት ናቸው። ልዩነቱ፣ እዚያ ተጫዋቾች ካርድ የሚገበያዩበት ገበያ አለ። ፓክ ከፍቶ ዕድል ከመጠበቅ የሚፈልጉትን ካርድ በቀጥታ መግዛት ይቻላል፤ ሻጩ ከሽያጩ 10 በመቶ ለጌሙ ይከፍላል። ኢፉትቦል እንዲህ ያለ ገበያ የለውም፤ «ይህን ካርድ ላስተላልፍልህ» የሚል ሰው ካጋጠመህ እያታለለህ ነው።

«ይህ ካርድ ካለፈ አይመለስም»

ከሐምሌ 2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ለወራት ተቋርጦ ነበር። በዚያ ጊዜ ያለፈው ካርድ የሚያንገበግበው ልጅ አለ፤ ኔትወርክ ሲመለስ ያመለጠውን ለማካካስ ብር የሚያፈሰውም እሱ ነው። የሚያስፈልግ አይደለም። ስክሪኑ ላይ የሚቆጥረው ሰዓት የዚያን የካርድ ዝርዝር ማብቂያ ነው የሚናገረው፤ ታዋቂዎቹ ተጫዋቾች በሌላ ዝርዝር በአዲስ ካርድ ደጋግመው ይመጣሉ፣ አዲሱም ብዙ ጊዜ ከአሮጌው ይጠነክራል። ዛሬ በውድ የተገዛ ካርድ ከወራት በኋላ ተቀያሪ ወንበር ላይ የሚቀመጠው ለዚህ ነው።

«ኮይን በርካሽ የሚሸጥ ሰው አውቃለሁ»

የኮይን ዋጋ በዶላር ነው የሚተመነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪው ለገበያ ከተለቀቀ በኋላ፣ 57 ብር አካባቢ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አለፈ፤ የኮይኑም ዋጋ አብሮ ወጣ። ዓለም አቀፍ ካርድ የሌለው ልጅ ደግሞ ቴሌግራም ላይ ያለ ደላላ ጋ ሄዶ በቴሌብር ይልካል። ዋጋው ከኩባንያው ዋጋ እጅግ ከረከሰ መጠየቅ ያለበት ጥያቄ አለ፤ ኮይኑ በማን ገንዘብ ተገዛ? በተሰረቀ የባንክ ካርድ የተገዛ ከሆነ፣ የካርዱ ባለቤት ገንዘቡን ሲያስመልስ ኮይኑ ይነጠቃል፣ አካውንቱም ሊታገድ ይችላል። ደላላው በዚያን ጊዜ ስልኩን አያነሳም። የይለፍ ቃል የሚጠይቅ ሻጭ ከሆነማ ገና ከጅምሩ መተው ነው።

ኮይን «የሚያባዛ» አፕ የሚባለውም የለም። የኮይኑ ቁጥር የተመዘገበው ልጁ ስልክ ላይ ሳይሆን ኩባንያው ሰርቨር ላይ ነው፤ ስልኩ የሚያሳየው ከዚያ የመጣለትን ብቻ ነው። ስልኩ ላይ የተጫነ ምንም ዓይነት ሞድ (የተቀየረ አፕ) ያንን ቁጥር ሊነካው አይችልም። እንዲህ ዓይነቱ አፕ ሊነካ የሚችለው የልጁን ፎቶ፣ መልእክትና የይለፍ ቃል ነው፤ ያ ስልክ የእናትየው ቴሌብር ያለበት ስልክ ከሆነ ጉዳቱ ከጌም ያልፋል።

«ካርዶቼ ስልኬ ውስጥ ናቸው»

ይህም ከሰርቨሩ ጉዳይ ጋር የሚያያዝ ነው፤ ግን ያልተነገረላቸው ብዙ ልጆች ስላሉ ለብቻው መነገር አለበት። ካርዱ ሰርቨር ላይ ቢሆንም፣ አካውንቱ ከኮናሚ መለያ ወይም ስልኩ ከሚጠቀምበት አካውንት ጋር ካልተያያዘ፣ ስልኩ ሲሰበር፣ ሲጠፋ ወይም ተጠርጎ ሲሸጥ ልጁ የራሱ መሆኑን የሚያሳይበት መንገድ ያጣል። የዓመት ድካም የሚጠፋው እንዲህ ነው። ማያያዣው ጌሙ ውስጥ የዳታ ማያያዣ በሚለው ቦታ ይገኛል፤ ገንዘብ አይጠይቅም፣ ደህና ኔትወርክ ካለ ጥቂት ደቂቃ ይበቃዋል። አካውንቱ የተያያዘበትን ኢሜይል የይለፍ ቃል ደብተር ላይ ጽፎ ቤት ማስቀመጥ፣ የጌም ቤቱ ልጅ ወይም ጓደኛ በራሱ ኢሜይል እንዲያያይዝለት አለመፍቀድ ነው።