ግሬታ ጋርቦ በድምፅ አልባው ፊልም ዘመን

ግሬታ ጋርቦ እ.ኤ.አ. በ1905 በስቶክሆልም፣ ያን ጊዜ የድሆች ሰፈር በነበረው በሶደርማልም ተወለደች። የቤተሰቧ ስም ጉስታፍሶን ነው። ትምህርቷን በ13 ዓመቷ አቋርጣ ፀጉር ቤት ተቀጠረች፤ ሥራዋ ጺማቸውን የሚላጩ ደንበኞችን ፊት ሳሙና መቀባት ነበር። ቀጥሎ ፑብ በተባለ ትልቅ መደብር ባርኔጣ ትሸጥ ጀመር። መጀመሪያ ካሜራ ፊት የቆመችውም መደብሩ ዕቃውን ለማስተዋወቅ ባሠራው አጭር ፊልም ነው። በ1922 የንጉሣዊው ድራማ ቴአትር የተዋንያን ትምህርት ቤት ተቀበላት።

ዳይሬክተሩ ሞሪትስ ስቲለር ያገኛት በዚሁ ትምህርት ቤት ነው። የሰልማ ላገርሎፍን ልቦለድ መሠረት አድርጎ በሠራው «የየስታ በርሊንግ ታሪክ» (1924) ውስጥ ትልቅ ሚና ሰጣት፤ ጋርቦ የሚለውን ስም የያዘችውም በዚያው ሰሞን ነው። በማግስቱ ዓመት ጀርመን ሄዳ በጂ. ቪ. ፓብስት ዳይሬክተርነት «ደስታ የራቀው ጎዳና» በተሰኘው፣ ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የነበረውን የቪየና ችግር በሚያሳየው ፊልም ላይ ተጫወተች። የአሜሪካው ፊልም ኩባንያ የሜትሮ ጎልድዊን ሜየር ኃላፊ ሉዊ ሜየር ስቲለርንና ጋርቦን ያስፈረማቸው በርሊን ላይ አግኝቷቸው ሲሆን፣ ሁለቱ በ1925 ክረምት ኒው ዮርክ ገቡ።

ዕድላቸው ግን ለየቅል ሆነ። ስቲለር «ፈታኟ» የተባለውን ፊልም ጀምሮ ሳይጨርስ ሥራው ለፍሬድ ኒብሎ ተሰጠ፤ ወደ አገሩ ተመልሶም በ1928 ሞተ። ጋርቦ ግን ገና በመጀመሪያው የአሜሪካ ፊልሟ፣ በ«ጎርፉ» (1926)፣ ተመልካች አገኘች።

ስሟን የተከለው በክላረንስ ብራውን የተዘጋጀውና ከጆን ጊልበርት ጋር የተጫወተችበት «ሥጋና ሰይጣን» ነው። ካሜራማኑ ዊልያም ዳንየልስ በአትክልት ቦታው ትዕይንት ላይ ትንሽ መብራት በጊልበርት መዳፍ ውስጥ ደብቆ፣ የሁለቱ ፊት ክብሪት የበራለት እንዲመስል አድርጓል። ከዚያም የሚደፍረው የቁርባኑ ትዕይንት ነው፤ ጋርቦ ጽዋውን ስትቀበል ታዞረውና የጊልበርት ከንፈር ካረፈበት ጠርዝ ትጠጣለች። አንድም ቃል ሳይነገር የሴትዮዋ ነገር ሁሉ ተገልጧል። በዘመኑ ብዙ ተዋንያን ስሜትን በእጅና በክንድ ሲያውጁ፣ እሷ በዓይኗና በአንገቷ ዘንበል ማለት ብቻ ትሠራ ነበር። ለቅርብ ቀረጻ ከዚህ የሚስማማ ትወና ማግኘት ይከብዳል። ዳንየልስም ከዚያ በኋላ አብዛኞቹን የሆሊውድ ፊልሞቿን ቀርጿል። ስትጫወት እንግዳ እንዲያያት ስለማትፈልግ መቅረጫው ቦታ በጥቁር መጋረጃ ይከለል ነበር።

ፊልሙ ገንዘብ ሲያመጣ ደመወዟ በሳምንት ወደ 5,000 ዶላር እንዲያድግ ጠየቀች። ኩባንያው እምቢ ቢላት ሥራ አቁማ ቤቷ ተቀመጠች፤ ከወራት በኋላ የተሸነፈው ኩባንያው ነው። በቶልስቶይ «አና ካሬኒና» ላይ የተመሠረተው «ፍቅር» (1927) ሁለት መጨረሻ ተሠራለት፤ አንዱ አሳዛኝ፣ ሌላው አስደሳች፣ ምርጫውም ለሲኒማ ቤቶች ተተወ። ቶልስቶይን ለሚያውቅ አንባቢ አስደሳቹ መጨረሻ ቀልድ ነው።

ድምፅ አልባው ፊልም ለስደተኛ ተዋናይ የተመቸ ነበር። ንግግሩ በስክሪኑ ላይ በጽሑፍ ስለሚወጣ የትውልድ አገር ቅላጼ አይሰማም፤ ፊልሙ ወደ ሌላ አገር ሲሄድም የሚቀየረው ጽሑፉ ብቻ ነው። ሌላው ስዊድናዊ ላርስ ሃንሰን በስቶክሆልምም በሆሊውድም አብሯት የተጫወተው በዚህ ዘመን ነው፤ «መለኮታዊቷ ሴት»ን (1928) ያዘጋጀው ቪክቶር ሾስትሮምም የአገሯ ሰው ነበር። ይህ ፊልም ጠፍቷል፤ ሩሲያ ውስጥ የተገኘው ዘጠኝ ደቂቃ ገደማ የሚሆን ቁራጭ ብቻ ነው።

ድምፅ ያለው ፊልም ከ1927 በኋላ ገበያውን ሲይዝ ኩባንያው በጋርቦ ላይ አልቸኮለም። በዣክ ፌደር የተዘጋጀው «መሳሙ» በ1929 መጨረሻ ሲወጣ ሙዚቃ እንጂ ንግግር አልነበረውም፤ የእሷ የመጨረሻ ድምፅ አልባ ፊልምም እሱ ነው። በ1930 አፏን ለፈታችበት «አና ክሪስቲ» የተመረጠላት ሚና የስዊድናዊ መርከበኛ ልጅ ነበር፤ ቅላጼዋም ለሚናዋ የተገባ ሆነ።